እትዬ የሺ ያላባረሩት ጎረቤት

የድራማ ጸሐፊነት ሥራ በጀመርኩበት ቀን አዘጋጁ ጋሽ ምናለ አንድ ወፍራም ጽሑፍ ጠረጴዛዬ ላይ አኖሩና «ይኼን ደብረ ማርቆስ አምጣልኝ» አሉኝ። በአንድ ፎቅ ላይ የሚኖሩ ጎረቤታሞች ሲነታረኩ የሚያሳይ የውጭ አገር አስቂኝ ተከታታይ ድራማ ነው። እኔ የአማርኛ መምህር ነበርኩ። ለዚህ ሥራ ብዬ ትምህርት ቤቱን ለቅቄያለሁ፤ በቦታዬም ሌላ ሰው ተቀጥሯል።

መጀመሪያ ቀላል መሰለኝ። ሊፍቱን ደረጃ አደረግሁት፤ ውሻውን በግ አደረግሁት። በፋሲካ ሰሞን ሦስተኛ ፎቅ በረንዳ ላይ የሚጮህ በግ ለምንቀርጽበት ኮንዶሚኒየም ብርቅ አይደለም።

ያስቸገረኝ ዋናው ትዕይንት ነው። ጎረቤትየው ሳያንኳኳ ይገባል፣ ፍሪጅ ከፍቶ ያገኘውን ይበላል፣ የቤቱ ባለቤት «ውጣልኝ» ብላ ታባርረዋለች። በአገራቸው ሰው የሚስቀው እዚህ ላይ ነው። ድራማውን የሸጠልን ድርጅት ተወካይ የመጀመሪያውን ክፍል አይታ ካልፈቀደች ሥራው ይቀራል።

ፍሪጁን በመሶብ ተካሁትና መቅረጽ ጀመርን። ጎረቤቱን የሚጫወተው ሙሉቀን፣ የደምበጫ ልጅ፣ ገብቶ መሶቡን ከፈተና ጎረሰ። ከዚያ ካሜራ የያዘውን ልጅ ሳይቀር «እንብላ» አለ።

ደገምን። አሁን ሙሉቀን ዝም ብሎ በላ። ባለቤቷን የሚጫወቱት አንጋፋዋ ተዋናይ እትዬ የሺ ግን በማባረሪያቸው ቦታ ወጥ ጨመሩለት።

«እትዬ፣ እዚህ ላይ የሚሉት ‹ውጣልኝ› ነው» አልኳቸው።

«አውቃለሁ ልጄ። እጄ ነው እምቢ ያለኝ። ሰው ጎርሶ እያለ ውጣ ይባላል?»

በመጨረሻ ፊታቸውን ወደ ግድግዳ አዙረው አሉት። የተቀረጸውን ለኮንዶሚኒየሙ ነዋሪዎች አሳየን። ማንም አልሳቀም። አንዲት እናት «ሴትዮዋን ምን ነካት? አሟታል?» ብለው ጠየቁኝ።

ጋሽ ምናለ «ተወካይዋ በሳምንቱ ትመጣለች» አሉ። ፈራሁ።

በማግስቱ ምሳ ሲቀርብ ከጭንቀት የተነሣ እህል አልወርድ አለኝ። «ጠግቤያለሁ» አልኩ። ጾም እንዳይባል ቀኑ ማክሰኞ ነው። እትዬ የሺ እጃቸውን ሰበሰቡ። «ወጡ ነው?» አሉ። ሙሉቀን «እኔ ነኝ ያስቀየምኩት» አለ። ድምፅ ቀራጩ ይቅርታ ጠየቀኝ፤ ስለምን እንደሆነ እስከ ዛሬ አላውቅም። ከላይኛው ፎቅ አንድ ቄስ ሊያስታርቁን ወረዱ። እኔ እርሳስ ፈለግሁ።

በአዲሱ ጽሑፍ ጎረቤቱ አንኳኩቶ ይገባል፤ ብላ ሲባል አልበላም ይላል። ሆዱን አሞታል፤ ለመናገር አፍሮ ነው። ፎቁ በሙሉ ማን እንዳስቀየመው ሲያጣራ ይውላል፤ ሽማግሌ ይቀመጣል።

ተወካይዋ መጥታ ከነዋሪዎቹ ጋር አየችው። ነዋሪዎቹ እንባቸው እስኪመጣ ሳቁ። እሷ አልሳቀችም። በአስተርጓሚ «እኛ የሸጥንላችሁ ይኼን አይደለም» አለች።

«አይደለም» አሉ ጋሽ ምናለ።

«አልበላም ማለት ምኑ ያስቃል?»

መልስ ሳንሰጣት እትዬ የሺ ሳህን ይዘው መጡ። ተወካይዋ ፈገግ ብላ በልቻለሁ አለች። እትዬ የሺ ሳህኑን እንደያዙ ወደ ጋሽ ምናለ ዞረው «ምን አጥፍተን ነው?» አሉ። ጋሽ ምናለ እኔን አዩ። ቄሱ ከመቀመጫቸው ተነሡ።

ተወካይዋ ሁላችንንም አየችን። ከዚያ ሳቀች፤ ብቻዋን፣ ለረጅም ጊዜ። በላች። ፈረመችም።

አሁን ጀማሪ ጸሐፊዎች ሲጠይቁኝ የምላቸው ይኼንኑ ነው። የውጭ ድራማ ስታመጡ ቀልዱን አትተርጉሙ። እዚህ ሰው በምን እንደሚጨነቅ ፈልጉና ከዚያ ጀምሩ። ምሳችሁንም ብሉ።