የበርሜሉ ውዳሴ

ቢቸና ላይ የታሰርኩበት ቤት ለሰው የተሠራ አልነበረም። ከአብዮቱ በፊት የአንድ ባላባት የእህል መጋዘን ነበር። በሩ ሲከፈት መጀመሪያ የተቀበለኝ የጤፍ ብናኝ ሽታ ነው፤ ቀጥሎ የሰው ላብ። መስኮት የለውም። ጣሪያው ሥር ለአየር የተተወች አንዲት ቀዳዳ አለች፤ ረፋድ ላይ በሷ የሚገባው ብርሃን ግድግዳው ላይ ትንሽ ይቆይና ይሄዳል። አብዮት ጠባቂው ከኋላዬ ገፋ ሲያደርገኝ የአንድ ሽማግሌ እግር ረገጥኩ።

«ይቅርታ አባቴ» አልኩ።

«ግድ የለም ልጄ። እዚህ ቤት ያልተረገጠ እግር የለም» አሉኝና ጋቢያቸውን ሰብስበው ቦታ ለቀቁልኝ።

እኒህ ሽማግሌ የቅኔ መምህር ነበሩ። ገበሬውም ነጋዴውም የኔታ ይላቸዋል። ስማቸውን አልጠራም፤ የማንንም ስም አልጠራም። ከጎናቸው ቀይ፣ ወፍራም፣ ሳቂታ የሞጣ ነጋዴ ተቀምጧል። እሱ ሰላት ሲሰግድ የኔታ ዳዊታቸውን በቃላቸው ይደግማሉ፤ ቦታው ጠባብ ስለሆነ ክርናቸው ይጋጫል። ሌሎቹ ከየገበሬ ማኅበሩ የተለቀሙ ሰዎች ናቸው።

የሁላችንም ጥፋት ግጥም ነበር።

ነገሩ እንዲህ ነው። በዚያን ዘመን ተማሪ ሁሉ በቃሉ የሚያጠናው አንድ የቆየ ግጥም ነበር፤ ገበሬ በሬውን የሚያወድስበት።

በሬዬ ሲነሣ መሬቱ ይላላል፣
ቀንበሩን ሲሸከም ጎተራ ይሞላል።

እያለ ይቀጥላል። ለዓመታት አስተምሬዋለሁ፤ እወደውም ነበር። ታዲያ ከተማው መሀል ምሰሶ ላይ ጡሩምባ የመሰለ ድምፅ ማጉያ ተሰቀለና ገና ጎህ ሳይቀድ ይጮህብን ጀመር። መፈክር፣ ስብሰባ፣ መዋጮ፣ እንደገና መፈክር። አንድ ጠዋት ፊቴን ስታጠብ ያ ግጥም ሳላስበው አፌ ላይ ተገለበጠ።

ጡሩምባው ሲያገሣ ጆሯችን ይሞላል፣
ቀንበር ለኛ ትቶ ጎተራ ይበላል።
ጌታዬ ጡሩምባው ድርቆሽ ነው የምትሻ፣
ወይስ ላፍህ ይሁን የምጣድ ማሰሻ?

የነገርኩት ለአንድ ሰው ብቻ ነው፤ ከወሎ ተመድቦ ለመጣ የአማርኛ አስተማሪ ባልደረባዬ። እሱም ሆዱን ይዞ ሳቀ። ከዚያ በኋላ ማን ለማን እንደነገረው አላውቅም፤ ብቻ ብዙም ሳይቆይ ገበያ ላይ ሰማሁት። ሞጣ ደረሰ። ሠርግ ላይ ተዘፈነ። ልጆች ድምፅ ማጉያው በተከፈተ ቁጥር «ማሰሻ! ማሰሻ!» ይሉ ጀመር። የከተማው ካድሬ አበደ። ግጥም ያውቃሉ የተባሉትን ሁሉ ልቀሙ ብሎ አዘዘ። እግዜር ያሳያችሁ፣ በቢቸና ምድር ግጥም የሚያውቅ ሰው መልቀም ማለት ዓባይ በረሃ ወርዶ ሙቀት የተሰማውን ሁሉ እንደ መልቀም ነው።

እንግዲህ አንድ ረፋድ ካድሬው ራሱ በሩ ላይ ቆመ። ቁመቱ አጠር ያለ፣ ሁልጊዜ ጉሮሮውን የሚጠራርግ ሰው ነበር።

«ነገ ጠዋት አንድ በአንድ ትወጣላችሁ» አለ። «ያንን የበሬ ግጥም ወስዳችሁ፣ እዚያ ግቢ ውስጥ በቆመው የውኃ በርሜል ላይ ትገጥማላችሁ። ግጥም አዋቂ ቁጭ ብሎ ያዳምጣል። ፀረ አብዮተኛውን አፉ ያጋልጠዋል። እሱ ወደ ክፍለ ሀገር ይላካል፤ ሌሎቻችሁ ቤታችሁ ትገባላችሁ።»

ወደ ክፍለ ሀገር መላክ ምን እንደሆነ እናውቃለን። ከኛ በፊት የተላኩ ነበሩ። ስንቅ የወሰዱላቸው ዘመዶቻቸው ስንቁን እንደያዙ ነው የተመለሱት።

በሩ ተዘጋ። መጀመሪያ የተናገረው የሞጣው ነጋዴ ነው።

«እስቲ ግጥሙን ላስታውሰው» አለና ጀመረ። ሞጣ ገበያ ላይ ሲያወርደው ነው የተያዘው፤ አሁንም እየተወዛወዘ ነው የሚለው። አራቱንም ስንኝ ዘለቀ። ደስ አለኝ፤ ምን ይደረግ፣ ደስ ይላል። ከዚያ ግን አምስተኛ ጨመረ።

ካድሬውም አብሮት ሣር ቢግጥ ይሻላል!

«እሱን እኔ አላልኩም!» ብዬ ጮህኩ።

አፌን በቆረጠው። እንዲህ ያለ ርካሽ ስንኝ በኔ ግጥም ላይ ሲለጠፍ ደሜ ፈላ፤ በቃ። ሁሉም ዞር ብለው አዩኝ። የኔታ ብቻ አልዞሩም።

«ወላሂ! አንተ ነህ እንዴ?» አለ ነጋዴው። «ባንተ ጦስ ነዋ ከነሚዛኔ የተለቀምኩት!» ብሎ አቅፎ ግራና ቀኝ ሳመኝ። «ወንድሜ፣ ልጄን ልድርልህ!»

እኔ ግን ሳቄ አልመጣም። እዚያ የተቀመጠ ሰው ሁሉ ሚስት አለው፣ ልጅ አለው፣ ያልታጨደ ጤፍ አለው። አንዳቸው አንዲት ቃል ለካድሬው ቢተነፍሱ ሁሉም ቤታቸው ያድራሉ።

«ነገ እኔው ራሴ እነግረዋለሁ» አልኩ። «እናንተ በኔ የተነሣ አትበሰብሱም።»

«ቁጭ በል!» አሉኝ የኔታ። ተማሪያቸውን እንደሚቆጡ ነው የተቆጡኝ፤ ቁጭ አልኩ።

አንድ ገበሬ «ሁላችንም አበላሽተን እንግጠምና ይለይልን» አለ።

«አይሆንም» አሉ የኔታ። «ጎጃም ውስጥ አንድ ቤት ሙሉ ሰው ቤት መምታት አቃተው ቢባል ማን ያምናል? ካድሬው እንደተማከርን ያውቃል። ማበላሸት ሳይሆን መምሰል ነው የሚያድነን። ሁላችንም ይህን ደራሲ እንሁን።»

«የኔታ» አልኳቸው፣ «በቅኔ ቤት የሰው ቅኔ መድገም ነውር ነው ይሉ የለም?»

«ቅኔውን መድገም ስርቆት ነው። መንገዱን መሄድ ግን ትምህርት ነው። እኔስ የመምህሬን መንገድ ሄጄ አይደል እዚህ የደረስኩት?» አሉና ጋቢያቸውን አስተካከሉ። «አሁን ሁላችሁም ስሙኝ። ይህ ሰው ሲገጥም አይሳደብም። እጅ እየነሣ ነው የሚገባ። ጌታዬ ይላል። ያወድሳል፣ ያወድሳል፤ ኋላ ላይ ከጓዳ የሆነች ነገር ያመጣና ትንሽ ጥያቄ ይጠይቃል። ጥያቄዋን በየዋህ ፊት ነው የሚጠይቃት። ሰሚው የሚስቀው ያኔ ነው።»

ስለ ራሴ ግጥም ይህን አላውቅም ነበር። ተጋልጬ የቆምኩ መሰለኝና አፈርኩ።

ያ መጋዘን ያን ቀን የቅኔ ቤት ሆነ። የኔታ እንደ ልማዳቸው መጀመሪያ ትርጉም የሌለው ስንኝ አስቆጠሩ፤ ልኩ ብቻ እንዲያዝ። ገበሬዎቹ ጉልበታቸውን እየመቱ «በርሜሉ፣ በርሜሉ» ይላሉ። ቀጥለው ውዳሴውን አስገቡ። በመጨረሻ «ከጓዳ አምጡ!» አሉ፤ ድፍን ቤቱ ስለ ሰፌድ፣ ስለ ቅል፣ ስለ አክንባሎ መጨቃጨቅ ጀመረ። ያልተመቻቸውን «ይህ የሱ አይደለም፣ ያንተ ነው፤ መልሰው» እያሉ ያስጥሉታል። አብዮት ጠባቂው በሩን ደብድቦ «ምንድነው ይህ ጫጫታ?» ሲል፣ ነጋዴው «ለነገ ፈተና እያጠናን ነው፣ ጓድ!» ብሎ መለሰለት። ውሸት አልነበረም።

በማግስቱ ጠዋት በሩ ተከፈተ። በሩን ገርበብ አድርገው ስለተውት ግቢው ይታየናል። ባሕር ዛፉ ሥር ጠረጴዛ ተቀምጧል፤ ካድሬው አለ፤ ከጎኑ አዋቂ የተባለው ሰው መነጽሩን በመሐረብ ይጠርጋል። ያ የወሎው ባልደረባዬ ነው። ግጥሙን ከአፌ የሰማው እሱ ብቻ ነው። ሌላ ማዳመጥ አያስፈልገውም፤ እጁን ማንሣት ይበቃዋል።

«አለቀልኝ፣ የኔታ» አልኩ።

«ገና ነው» አሉ።

ነጋዴው መጀመሪያ ወጣ። በርሜሉ ፊት ጎንበስ ብሎ እጅ ነሣ፤

በርሜሉ ሲመጣ ጥማችን ይላላል፣
ዝገቱን ሳይንቀው ለድሃ ያድላል፤
ጌታዬ በርሜሉ ምን ይሻልሃል?
ክዳን እንግዛልህ ወይስ ይሞቅሃል?

አለ። በየዋህ ፊት። አብዮት ጠባቂው ፊቱን አዞረ፤ ትከሻው ሲነቃነቅ ግን አየነው። ከዚያ ገበሬዎቹ ወጡ። አንዱ ቅል አመጣ፣ አንዱ ወንፊት፣ አንዱ የተሰበረ ጋን። ሰምተን ሰምተን ውስጥ ያለነው አፋችንን በጋቢ አፈንን። ካድሬው ጉሮሮውን ይጠራርጋል። ቀጥለው የኔታ በከዘራቸው ቀስ ብለው ወጡ፤ ውዳሴውን ሲጨርሱ በርሜሉን በእጃቸው ዳሰስ አደረጉና እንዲህ አሉት፤

እጅ እግር የሌለህ ዘበኛ ቆሞልህ፣
እኛስ ሰው ነን ይሁን፣ አንተ ምን አጠፋህ?

አብዮት ጠባቂው ጠመንጃውን ተደግፎ በግልጽ ሳቀ። ግቢው ሳቀ። ከአጥር ውጭ ስንቅ ይዘው የቆሙት ሴቶች ሳቁ። እኔ ግን አለቀስኩ፤ አንጀቴ ቅቤ ጠጣ። እንደዚያ ያለ ስንኝ በሕይወቴ ጽፌ አላውቅም።

የመጨረሻው እኔ ነበርኩ። ያሰብኩት አንድ ጥሩ ነገር ነበረኝ፤ ሌሊቱን ሳመላልሰው ነው ያደርኩት። ባልደረባዬ ፊት ስቆም ጠፋ። አፌ የመጣለትን አለ፤

በርሜል ሆይ በርሜል ሆይ የውኃ ማደሪያ፣
ለእስረኛው ሁሉ መጠጫ ማጠቢያ።

ማንም አልሳቀም።

«እሺ፣ ማነው?» አለ ካድሬው።

ባልደረባዬ መነጽሩን አወለቀ። እኔን አላየኝም። «ጓድ፣ እነዚህ ሁሉ አንድ አፍ ናቸው። ከመካከላቸው ደራሲውን ልለይ አልችልም።»

«አንዱን ንገረኝ!»

«ያልሆነውን ልነግርህ እችላለሁ» አለና በጣቱ ወደ እኔ ጠቆመ። «ይህኛው አይደለም። ይህ ሰው የስንኝ ልክ ያውቃል እንጂ ግጥም አያውቅም። ከሁሉም የመጨረሻው ነው።»

ካድሬው ቢጮህ፣ ጠረጴዛ ቢደበድብ ምን ያመጣል? ድፍን አገሩን አንድ አፍ ነው ብሎ ወደ ክፍለ ሀገር ሊልክ አይችል። ከሰዓት በኋላ ስሜ ተጠራ። ገጣሚ አለመሆኔ ተረጋግጦ ተፈታሁ።

«እነሱስ?» አልኩት አብዮት ጠባቂውን።

«ይጣራል።»

«እንግዲያው ከነሱ ጋር እወጣለሁ» ብዬ በሩ ሥር ተቀመጥኩ። ያን ጊዜ ጀግንነት አልመሰለኝም፤ እግሬ ነው እምቢ ያለኝ።

የኔታ ከውስጥ «ውጣ!» አሉኝ። «እዚህ ከቆየህ ነገሩ ይገባቸዋል፤ የሁላችንንም ድካም ታፈርሰዋለህ።» ከዚያ፣ ካድሬው ሲገባ «ጉልበቴን» እያሉ የማይነሡት ሰው፣ ከዘራቸውን ተደግፈው ብድግ አሉ። ነጋዴው ተነሣ። ገበሬዎቹ ተነሡ። በዚያ ጠባብ ቤት ሁሉም ቆመው ጎንበስ አሉልኝ። እኔም አጸፋውን ጎንበስ ብዬ፣ ጀርባዬን ሳልሰጣቸው ወጣሁ።

ጤፉ ታጭዶ ሳያልቅ ሁሉንም ፈቷቸው። ባልደረባዬ ግን ወዲያው ወደ ሌላ አውራጃ ተዛወረ፤ ሳላመሰግነው ዘመኑ አለፈ፤ ደርግም አለፈ።

ያገኘሁት ሸምግለን ነው፤ ሞጣ፣ የዚያ ነጋዴ የልጅ ልጅ ሠርግ ላይ። ጡረታ ወጥቶ እዚያው ሞጣ ከትሟል። እጁን ያዝኩና በልቤ ስንት ዘመን ያስቀመጥኩትን ነገርኩት። «የኔን ግጥም ከሁሉ የመጨረሻ ብለህ ባትዋሽልኝ ኖሮ ዛሬ አልኖርም ነበር» አልኩት።

ከዚያ ያ የድሮ ሳቁ መጣ።

«ወንድሜ፣ የዋሸሁስ ዋሽቻለሁ» አለኝ። «መለየት አልችልም ያልኩት ውሸት ነው። እያንዳንዳቸውን በድምፃቸው ለይቼ እነግርህ ነበር፤ ያ ሽማግሌማ የት ይደበቃል? ባንተ ላይ ግን አንዲት ቃል አልዋሸሁም። የምር የመጨረሻ ነበርክ።»

እንባዬ እስኪፈስ ሳቅሁ። ነጋዴው ከማዶ ሆኖ «ምን ያስቃችኋል?» እያለ ይጮህብናል።

ከዚያ ወዲህ ብዙ ግጥም ጽፌያለሁ፤ አንዳንዱ ተመስግኗል። ግን በየትኛውም ላይ የዚያን ቀን ያህል ኮርቼ አላውቅም። የበለጡኝ ሰዎች ሁሉ በሕይወት ቤታቸው ገብተዋል።