የባትሪውን ፋይል ማን ጣለው?

ዛሬ ፒያሳ ኮምፒውተር ጠጋኝ ቤት በባሌ ላይ ሳላክክ እጅ ከፍንጅ ተያዝኩ።

የሰርግ ካርድ የምሠራበት ላፕቶፕ ከቅዳሜ ጀምሮ ሳያስጠነቅቅ ድርግም ይልብኛል። ነገ የሚወሰድ ካርድ አለብኝ፤ የሙሽራዋ እናት ጠዋት ብቻ ሁለቴ ደውለዋል።

ባሌንም ለሚያውቀው ጠጋኝ ለከድር "ባለቤቴ ካርታ ሲጫወትበት ነካክቶት ነው" አልኩት። (ሰውዬው ከካርታው ሌላ ማጥፊያውን እንኳን አያውቅም።)

ከድር የተጣሉ ፋይሎች የሚጠራቀሙበትን ከፈተና ቀና ብሎ አየኝ።

"እትዬ፣ ባትሪውን የሚቆጣጠሩት ፋይሎች እዚህ ተጥለዋል። የተጣሉት ቅዳሜ ስድስት ሰዓት ላይ ነው።"

"እሱ ነዋ፣ አላልኩህም?"

"ቅዳሜ ስድስት ሰዓት ጋሼ ከእኔ ጋር ማኪያቶ እየጠጡ ነበር።"

ጥፋተኛዋ እኔ ነኝ። ቅዳሜ ለበዓል ቤቱን ሳጸዳ ኮምፒውተሩንም ላጽዳው ብዬ ገባሁበት። ስማቸው በዲኤልኤል የሚያልቅ፣ አንድ ቀን ከፍቼ ያላየኋቸው ፋይሎች ተደርድረዋል። ሥራ ፈት መስለውኝ ጠረግኳቸው።

ከድር ወደ ቦታቸው መለሳቸው፤ ባትሪው ዳነ፤ ካርዱም ይደርሳል።

"ለጋሼ አልናገርም" ብሎኛል፣ እየሳቀ ስለሆነ ግን አላመንኩትም።

እስኪ እናንተስ ምን አጥፍታችሁ በማን አላከካችሁ? ጻፉልኝ፣ ብቻዬን አታስቀሩኝ።

ባሌን ታግ እንዳታደርጉ ግን። ጥፋቱ የእሱ መስሎት ከቅዳሜ ጀምሮ ዕቃ የሚያጥበው እሱ ነው፤ የዛሬው ገና አልታጠበም።