የጋሽ ሰይድን መፈልፈያ ያስደበቅሁት እኔ ነኝ

ይህን ለማንም ተናግሬው አላውቅም። ባለቤቴ አታውቀውም። ለንስሐ አባቴ ሌላውን ሁሉ ስዘረዝር ይህችን ዘልያታለሁ። አሁን ለእናንተ ልናገር፤ እንደ ልማዴም ከመጀመሪያው ጀምሬ በቅደም ተከተል ላስረዳ። ማስረዳት እወዳለሁ። መዘዙም የመጣው ከዚሁ ነው።

ያኔ ጋምቤላ ክልል፣ አቦቦ አስተምር ነበር። ክልሉ ገና መቋቋሙ ስለነበር ጋምቤላ ከተማ ያሉት ቢሮዎች ወንበርና ጠረጴዛ እንኳ አልተሟላላቸውም። በአንደኛው ቢሮ ለመምህራን በተሰጠ የሦስት ቀን ስልጠና ላይ ስለ ፓተንት፣ ማለትም ስለ ፈጠራ ባለቤትነት መብት፣ ሰማሁና አንድ ቅጽ ይዤ ተመለስኩ። በሳምንቱ ለተማሪዎቼ ጥቁር ሰሌዳ ላይ ጻፍኩት፤ ለመምህራኑም፣ ሻይ ቤት ለተቀመጠውም ሁሉ አስረዳሁ። አዲስ ነገር የፈጠረ ሰው ማመልከቻ ያስገባል። ማመልከቻው ሳይገባ ሰው ካየበት አዲስ መባሉ ይቀራል። ከገባ በኋላ ግን ለፈለገው ቢያሳይ አይጎዳውም። ይህችን የመጨረሻዋን ነጥብ ያዙልኝ። እኔ አሳምሬ አውቃት ነበር።

ሻይ ቤት ከሰሙኝ አንዱ ጋሽ ሰይድ ነበሩ። ከወሎ በሰፈራ መጥተው አቦቦ የቀሩ ገበሬ ናቸው። እጄን ይዘው ቤታቸው ወሰዱኝና ከጓዳ አንድ ነገር ገልጠው አሳዩኝ። ሚስማር የተመታበት ግንድ በግማሽ በርሜል ውስጥ ተቀምጧል፤ የብስክሌት ፔዳል ያዞረዋል። የበቆሎ ራስ ሲጨምሩበት ፍሬው ከታች ተፈልፍሎ ይወርዳል።

«ፔዳሉን ተወው መምህር» አሉኝ። «ፔዳልማ የብስክሌት ነው። ዋናው ይቺ ሞላ ናት። ቀጭኑንም ወፍራሙንም ራስ እኩል ትይዘዋለች፣ ፍሬ አትሰብርም።»

«ማን አይቶታል?» አልኳቸው።

«ሚስቴና አላህ።»

«እንግዲያው ሌላ ሰው እንዳያይ። እኔ ማመልከቻውን እጽፋለሁ።»

በዚያ ሰፈር በቆሎ የሚታጨደውም የሚፈለፈለውም በወንፈል ነበር፤ ዛሬ በአንዱ ግቢ፣ ነገ በሌላው። ሰፋሪውም አኙዋኩም አብሮ ይቀመጣል። የጋሽ ሰይድ የቅርብ ጎረቤት አሪየት የምትባል አኙዋክ ናት፤ ጣቷ ሲቆስል ጨርቅ ጠቅልላ የምትፈለፍል፣ ሳቅ የማይጠፋባት ሴት። ጋሽ ሰይድ መፈልፈያውን የሠሩት እነዚህን ጣቶች እያዩ ነው። ይህንንም ነግረውኛል። ሰምቻለሁ።

ቅጹን ቁጭ ብዬ ሞላሁ። ስም፣ አድራሻ፣ የፈጠራው መግለጫ። ከዚያ አንድ ቦታ ላይ ቆምኩ፤ ከዚህ ዕቃ ውስጥ አዲስ የምትሉትና ጥበቃ የምትጠይቁለት የትኛው ነው ይላል። መጀመሪያ በሌላ ወረቀት ስለ ፔዳሉ ጻፍኩና ፔዳል አዲስ አይደለም ብዬ ቀደድኩት። ስለ በርሜሉ ጻፍኩ፤ ያንንም ቀደድኩት። መልሱ ሞላዋ እንደሆነች ጋሽ ሰይድ በአፋቸው ነግረውኝ ነበር፤ እኔ ግን አስረጂ እንጂ ሰሚ አልነበርኩም። አላውቅም ብዬ ለምን አልጠየቅሁም? ቅጹን የሰጠኝ ቢሮ ጋምቤላ ነበር፤ መኪና ተሳፍሮ መሄድ ብቻ ነው። አልሄድኩም። ፓተንትን ለሰፈሩ ሁሉ ያስተማርኩ ሰው ቅጽ መሙላት አቃተኝ ብዬ ማን ፊት ልቁም? በግማሽ የተሞላውን ቅጽ ሳጥኔ ውስጥ ከተትኩት።

ጋሽ ሰይድ በወሩ መጡ። «ገባ?» አሉኝ።

«ገብቷል» አልኩ።

ፊታቸው በራ። «እንግዲያው ላውጣዋ። ያልከው እንዲያ ነው፤ ከገባ በኋላ ማሳየት ይቻላል።»

ትምህርቴን ለእኔው መለሱልኝ። እውነቱን የምናገርበት ጊዜ ያ ነበር። አንድ ቃል ይበቃ ነበር። እኔ ግን ምን አልኩ? «መልስ እስኪመጣ ይቆዩ፤ ደንቡ ተሻሽሏል» አልኩ። ደንቡን ያሻሻልኩት እኔ ነኝ፤ እዚያው፣ ቆሜ፣ ውሸቴን ለመሸፈን።

ስለዚህ ጋሽ ሰይድ በራቸውን ዘግተው መፈልፈል ጀመሩ። ወንፈል ሄደው በእጃቸው እንዳይፈለፍሉ፣ የጎረቤቱን ጣት እያዩ መቀመጡ አሳፈራቸው። መሣሪያውን ይዘው እንዳይሄዱ እኔ ከልክያለሁ። ቀሩ። የቀረን ሰው ደግሞ ወንፈል አይጠብቀውም።

አሪየት መጀመሪያ በቀልድ ያዘችው። እኔ ባለሁበት በአጥሩ ላይ አንገቷን አውጥታ «ሰይድ፣ እቤት ምን አለ? ሁለተኛ ሚስት ደበቅህ?» አለቻቸው።

«የመንግሥት ጉዳይ ነው፣ አሪየት።»

«መንግሥት በቆሎ ይበላል?»

ቀልዱ ብዙ አልቆየም። በሚቀጥለው አጨዳ ጋሽ ሰይድ ወባ ጣላቸው፤ ሚስታቸውም አብረው ተኙ። በቆሎው ደርሶ ቆሟል። ማንም ማጭድ ይዞ አልመጣም። ዝንጀሮ ገባበት፤ የወደቀውን ምስጥ ጨረሰው። አሪየትን መንገድ ላይ አግኝቼ ጎረቤት አይደላችሁም ወይ አልኳት፤ አዎ፣ ይህንንም አድርጌያለሁ፤ እኔ እሷን ወቀስኩ። «መምህር፣ በር የዘጋ እሱ ነው» አለችኝ። «እኛ በር አልዘጋንም።»

ጋሽ ሰይድ ከሕመማቸው ሲነሱ፣ ከስተው፣ ትምህርት ቤት ድረስ መጡ። «ቶሎ እንዲመልሱ የልመና ደብዳቤ ጻፍልኝ፤ ከሰው ተለያየሁ» አሉ። ጻፍኩ። ጣታቸውን ቀለም ነክሬ አስፈረምኳቸው። ያንንም ደብዳቤ ማመልከቻው ካለበት ሳጥን ውስጥ ከተትኩት። ማመልከቻውን ማዘግየቴ ስንፍናና ኩራት ይባል። ይህን ምን ልበለው?

ወደ ጋምቤላ ስዛወር ለስንብት ሄድኩና ጥያቄው አዲስ አበባ ደርሶ ውድቅ ሆኗል አልኳቸው። «ይሁን፤ አንተ ለፋህ» አሉኝ። በዚያው ቀን መፈልፈያውን ተሸክመው አሪየት ግቢ አወጡት። ሰው ተሰብስቦ አየ። አንዱ ሰፋሪ «ለዚች ነው ሁለት ዓመት የራቅኸን?» አለ። እኔ እዚያው ቆሜያለሁ። ጋሽ ሰይድ ወደ እኔ አላዩም። «ጥፋቱ የኔ ነው፤ ስስት ይዞኝ ነው» አሉ። የኔን ጥፋት በስስት ስም ተሸከሙት፤ እኔም ሲሸከሙ አየሁ። አሪየት አንድ ራስ በቆሎ አንስታ ጨመረች፤ የወረደውን ፍሬ በእጇ አገላብጣ አየችውና ተመልሳ ተቀመጠች፤ በጣቷ መፈልፈሏን ቀጠለች።

ይህ ከሆነ ስድስት ዓመት አልፎታል። ባለፈው ሳምንት አንድ ቆርቆሮ ሠሪ ከአቦቦ መጥቶ ቤቴን አንኳኳ። ውኃ መሳቢያ ሠርቷል፤ ማመልከቻ የሚጽፍለት ይፈልጋል። ማን ላከህ አልኩት። «ጋሽ ሰይድ» አለ። «የእኔን ጉዳይ አዲስ አበባ ድረስ ያደረሰ ሰው ነው፣ እሱ ጋ ሂድ ብለውኝ ነው።»

ቆርቆሮ ሠሪውን ወደ ቢሮው ላክሁት። ጋሽ ሰይድ ጋ ግን እስከ ዛሬ አልሄድኩም። ይቅር በሉኝ ብዬ እናንተን አልለምንም፤ የተበደላችሁት እናንተ አይደላችሁም። የተበደሉት ሰው ደግሞ እስካሁን ያመሰግኑኛል።