የወይዘሮ ሶቦትካ መጋረጃ

በጌልዘንኪርሸን የከሰል ሠራተኞች ሰፈር ስለ ፊልም ሠሪዋ ቪብከ ድሮስተ የሚወራው ወሬ አጭርና ጣፋጭ ነው፦ የማዕድኑ ባለቤቶች መኪና ገዙላት፤ እሷም የከሰል ቆፋሪው አልፎንስ ስለ ታመመ ሳንባው የተናገረውን ቆርጣ ጣለችላቸው። መኪናው እውነት ነው፤ በሩ በገመድ የሚታሰር ቀይ አሮጌ። ጉቦ የሚሰጥ ሰው ግን ቢያንስ ደህና በር ይጨምርበታል። መቁረጧም እውነት ነው። ያስቆረጧት ግን የአልፎንስ ሚስት ናቸው።

ቪብከ በፈረንጆቹ ሰባዎቹ ዓመታት መጀመሪያ ከብሬመን ስትመጣ የጽዳት ሠራተኛ ሴቶችንና የወደብ ጫኞችን ኑሮ ቀርጻ ስም አውጥታ ነበር። አሠራሯ ለየት ይላል። ክረምቱን ሙሉ ካሜራ ሳትይዝ ሰው ወጥ ቤት ተቀምጣ ድንች ትልጣለች፤ ትጠይቃለች። እርግቦቻችሁ ቤታቸውን በምን ያውቁታል? ከጉድጓድ ስትወጡ መጀመሪያ የሚሸታችሁ ምንድን ነው? ሰው ሲሰለቸው ይነግራታል። ቃልም ትገባለች፦ ፊልሙን ከቴሌቪዥን ጣቢያው በፊት የተቀረጹት ያዩታል፤ ይውጣ ያሉት ይወጣል።

ምርጡ ክፍል አልፎንስ ሶቦትካ ወጥ ቤቱ ተቀምጦ፣ እያሳለ፣ አቧራው ሳንባውን እንዴት እንደበላው የሚያወራበት ነው። ያለ እሱ ፊልሙ ጭስ ማውጫና እርግብ ብቻ ነው። ፊልሙ ለሰፈሩ ሰው ቢራ ቤቱ አዳራሽ ሲታይ ወንዶቹ ሁሉ ብርጭቆአቸውን አስቀመጡ። ቪብከ ተሳካልኝ ስትል ሚስቱ ወይዘሮ ሂልደጋርድ ሶቦትካ ተነሡ።

«ይሄ ይውጣ!»

«ሳንባው ነው የከበደዎት?» አለች ቪብከ።

«የምን ሳንባ! ከኋላው መጋረጃዬን አታዪም? አልታጠበም እኮ! አገር ሙሉ ሂልደጋርድ ጥላሸት ውስጥ ትኖራለች ይበለኝ?»

«እንዴ ሴትዮ» አለ አልፎንስ፤ «እኔ እየሞትኩ ነው፣ አንቺ ጨርቅ ታያለሽ?»

«አንተማ ብትሞትም በታጠበ መጋረጃ ሥር ነው የምትሞተው!»

አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። መጋረጃው ታጥቦ፣ ተተኩሶ እንደገና ተቀረጸ። አልፎንስ ግን የእሁድ ልብሱን ለብሶ እንደ ዜና አንባቢ ጉሮሮውን ጠረገና «ሳንባዬ መጠነኛ ጉዳት ደርሶበታል» አለ። ይህ ለምንም አይሆንም።

ቪብከ የመጀመሪያውን ፊልሙ ውስጥ እንዳታቆየው ቃሏ ያዛት። ብትጥለው ደግሞ ፊልሙ ይሞታል። ግራ ቢገባት ተመልሳ ጠየቀች።

«ወይዘሮ ሶቦትካ፣ ጥላሸቱን እኮ የሚተፉት የማዕድኑ ባለቤቶች ናቸው። እርስዎ ምን ያሳፍርዎታል?»

«ጥላሸቱ የነሱ ነው፤ መጋረጃው የኔ ነው።»

ቪብከ ቆረጠችው። ጣቢያው ከዚያ ወዲያ ሥራ አልሰጣትም። ፊልሙን ባስረከበችበት ስብሰባ ላይ የጣቢያው ኃላፊ ሎታር ጠረጴዛውን መታ።

«አብደሻል? ያንን የመሰለ ክፍል ለጨርቅ ብለሽ?»

ቪብከ ግን የተናደደች አትመስልም፤ ድንች ስትልጥ እንደምትጠይቀው ነበር የጠየቀችው።

«ቆይ ሎታር፣ ነገ ጠዋት ሳልነግራችሁ ካሜራ ይዤ ቤታችሁ ብመጣ፣ ከእናንተ ማን ነው በሩን የሚከፍትልኝ?»