ቻይናዎቹ ጉድጓዳችንን በምን አወቁት?

የጄኔሬተር ድምፅ በሰማሁ ቁጥር በራሴ እስቃለሁ፤ ምን አቅብጦኝ ነው በሰው ሥዕል ነገር ጥልቅ ያልኩት እላለሁ። የስምንት ዓመት ለፍላፊ ነበርኩ።

ሰኔ ሲገባ በኛ በጋይንት ጎተራው ይራቆትና ሰው እርስ በርሱ መጠራጠር ይጀምር ነበር፤ ከማን ቤት ጭስ እንደሚወጣ፣ የማን ልጅ ከንፈር እንደወዛ ይታይ ነበር። አባቴ የዘር ስንዴያችንን በረት ውስጥ በጉድጓድ ቀብሮ፣ ጠፍጣፋ ድንጋይ ገጥሞ፣ እበት ለቅልቆበታል። «ይህን ያወራ የኔ ልጅ አይደለም» ብሎናል።

በዚያው ሰሞን፣ በአብዮቱ ጊዜ ነው፣ ካድሬዎች ንፋስ መውጫ ከተማ ሲኒማ አመጡና፣ በገበያ ቀን ሰዉን አዳራሽ ሰብስበው፣ መስኮቱን በጆንያ ጋርደው፣ ጄኔሬተር አስነስተው፣ አቡጀዲ ላይ የሚንቀሳቀስ ሥዕል አሳዩን። የቻይና ነው አሉ። መሪጌታው አማትበው፣ «ሥዕል እግር አውጥቶ ከሄደ ደግ አይደለም» እያሉ በር በሩን ያዩ ነበር። አባቴ የጠረጠረው ሌላ ነው፤ «እህላችንን ሊያወጣጡን ነው» ብሎ እጄን ጨበጥ አደረገኝ።

ሥዕሉ ላይ አንዲት ድሃ እናት ባዶ ሳህን ይዛ ደጅ ትቆማለች፤ ቦርጫሙ ጎረቤቷ የለኝም ብሎ ይመልሳትና፣ በሩን ዘግቶ፣ ከወለሉ ጠፍጣፋ ድንጋይ ሲያነሳ ስንዴው ቦግ አለ። እኔ ምናምንቴዋ ብድግ ብዬ፣ «አባዬ፣ ቻይናዎቹ ጉድጓዳችንን በምን አወቁት?» አልኩ።

ማንም አልሳቀም። ግማሹ ሰው መሬት መሬቱን አየ፤ ለካ ጉድጓድ ያለው ብዙ ኖሯል። ባሏ ሞቶባት አራት ልጅ ይዛ የቀረችው ጎረቤታችን እትዬ ዝማም ግን አባቴን ትኩር ብላ አየችው። በዚያው ሳምንት «የለንም» ብለን መልሰናት ነበር።

በማግስቱ ቁናዋን ይዛ መጣች። አልለመነችም፣ በረቱ ደጅ ቆመች እንጂ። አባቴ ካድሬ አስከትላ ይሆናል ብሎ ግራ ቀኙን ቃኝቶ፣ ድንጋዩን አንስቶ ሰፈረላት። ያን ክረምት የማሳችን እኩሌታ ጦሙን አደረ፤ እሱም እስከ መስቀል አላናገረኝም።

ዛሬ የልጅ ልጆቼ ስልክ ላይ የሚሯሯጥ ሥዕል እያዩ ከት ከት ይላሉ። እኔም አብሬ እስቃለሁ፤ ግን አንዱም ቀና ብሎ ጎረቤቱን ሲያይ አላየሁም።

እናቴ ያኔ እህል ከተወቃ በኋላ፣ «ለዘር ያስቀመጥነውን ነው የሰጠንሽ፣ አትርሺን እንግዲህ» ብትላት፣ እትዬ ዝማም፣ «ልጅሽ ባትለፈልፍ ከዚያው ጉድጓድ አውጥታችሁ ለልጆቼ ለቅሶ ንፍሮ ትቀቅሉልኝ ነበር» አለቻት።