ኮትዋኒ አያስለቅስም

ጎረቤቴ ዕዝራ ህንድ አገር ሄዶ አያውቅም፤ ስለ አንድ የህንድ ፊልም ዲሬክተር ግን ሃያ ዓመት ሙሉ ሲጽፍ ኖሯል። ዲሬክተሩ ዴቭራጅ ኮትዋኒ ይባላል። እኔ ሙኒያ፣ ድሬ፣ መጋላ ሰፈር ውስጥ ልብስ የምሰፋ ሴት፣ ይህን ስም ከገዛ አጎቶቼ ስም ይበልጥ ሰምቼዋለሁ። ዕዝራ ሱሪ ሊያሳጥር መጥቶ ስለ ኮትዋኒ ሳያወራ የሄደበት ቀን የለም።

የተለከፈው የባቡር ድርጅት ሠራተኛ ሳለ ነው። ያኔ ሰፈራችን ውስጥ የዓብዱልአዚዝ ቪዲዮ ቤት ነበር። ወንዶቹ ከቀትር ሶላት መልስ ጫታቸውን ይዘው ይገባሉ፣ አንድ ፊልም አይተው ለዓስር ሶላት ይወጣሉ። ዕዝራ ክርስቲያን ቢሆንም ከነሱ ጋር ገብቶ ከነሱ ጋር ይወጣ ነበር።

“ሌሎቹ ያስለቅሱሻል፤ ኮትዋኒ አያስለቅስም” ይለኛል። በኮትዋኒ ፊልም ሰው ሲሞት ለቅሶ የለም። ልጁ አልጋው ላይ ዓይኑን ይከድናል፤ ወዲያው አባትየው እርሻው ላይ ሲያርስ እናየዋለን፤ በቃ። “ሐዘኑን ዘለለው እኮ! ትልቅ ዲሬክተር ማለት ምን እንደማያሳይ የሚያውቅ ነው።” ይህንን ጻፈ፣ ሰረዘ፣ እንደገና ጻፈ፤ መጽሐፍ የሚያህል ሆነ። እኛም እየሳቅንበት ተውነው። ድሬ ውስጥ ሰው በወደደው ነገር ቢያብድ ማንም አይከለክለውም።

ያልሳቅንበት ነገር ግን አለ። የዕዝራ ልጅ ሲሞን በሰባት ዓመቱ በትንኝ ትኩሳት ሞተ። እናቱ ሀዊ መሬት ላይ ተንከባለለች፤ ሴቶቹ ተረዳድተን መያዝ አቃተን። ዕዝራ አላለቀሰም። ድንኳን ውስጥ እንኳ አልተቀመጠም፤ በማግስቱ ሥራ ገባ። ሀዊ ሸሚዙን ጨምድዳ ይዛ “አልቅስ! ለልጅህ አልቅስለት!” ስትለው ፊቷን ዳበሰና ሸሚዙን አስለቀቃት። እኔ ተናድጄ “አንተ ሰው ነህ?” ብዬዋለሁ። ለቅሶው ጉሮሮው ድረስ መጥቶበት፣ የኮትዋኒን አባት አስቦ እንደዋጠው የነገረኝ ቆይቶ ነው። ሀዊ የልጁ ሙት ዓመት ሳይደርስ ጥላው ወጣች። ከድሬ ወጣ ብሎ ሐርላ፣ ወንድሟ ዘንድ ናት።

ከዚያ በኋላ የቀረው ጽሑፉ ብቻ ነበር። የባቡሩ ሥራ ቆመ፤ ኢንዱስትሪ ፓርኩ በር ላይ የሠራተኛ ቦርሳ ፈታሽ ሆነ። ብቻውን ይበላል፣ ብቻውን ይጽፋል። አንድ ቀን “ይሄ መጽሐፍ ካልወጣ ሀዊን በከንቱ ነው ያጣኋት” አለኝ። አነጋገሩ አስፈራኝ።

ዘንድሮ የከተማችን የፊልም ወዳጆች ማኅበር ጠራው። ቅዳሜ ከሰዓት አዳራሽ ውስጥ ጥናቱን ሊያቀርብ፣ ከወደዱት ሊያሳትሙለት። ሰውዬውን ደስታ አሳበደው። ከስቶ ስለነበር ሱፉን አጠበብኩለት። የእህቱ ልጅ ኑሀሚን ደግሞ ለአዳራሹ የሚታየውን ክፍል ልታዘጋጅለት ፊልሙን ከኢንተርኔት አውርዳ ሐሙስ ዕለት መጣች። የሱ ቤት ስለሚያቃጥል እኔ ቤት፣ ቬንትሌተር ሥር ተቀመጥን።

ላፕቶፑ ላይ ልጁ ዓይኑን ከደነ። ዕዝራ ጣቱን አነሣ። “አሁን እዩ፤ እርሻው ይመጣል።”

እርሻው አልመጣም። አባትየው የልጁን ሬሳ አቅፎ ዝናብ ውስጥ ወጣ፤ ጭቃው ላይ ተደፍቶ ጮኸ። መንደሩ ተሰብስቦ ደረቱን ደቃ። ዘፈን ተዘፈነ፤ ቃሉ ባይገባንም እኔና ኑሀሚን እንባችንን ማቆም አልቻልንም። አባትየው መቃብሩ ላይ ተኝቶ ነጋበት። እርሻው የመጣው ከዚያ ሁሉ በኋላ ነው።

“ይሄ የሱ አይደለም” አለ ዕዝራ። “ሌላ ሰው ቀጥሎበት ነው።”

ኑሀሚን ሌላውን ፊልሙን ከፈተችለት። እዚያም መበለቲቱ ፀጉሯን እየነጨች ታለቅሳለች። ሦስተኛውም ያው ነው። ልጅቷ ነገሩ ስላልገባት ስልኳ ላይ ያገኘችውን አነበበችለት፦ “አጎቴ፣ እዚህ እኮ ‘የለቅሶ ንጉሥ’ ነው የሚሉት።”

ዕዝራ ተነሥቶ በዚያ ፀሐይ ወጣ። ምን እንዳሰበ ስላላወቅሁ ነጠላ ጫማዬን እንኳ በቅጡ ሳላጠልቅ ተከተልኩት። ባጃጅ ይዘን ቀፊራ ገበያ ወረድን። ዓብዱልአዚዝ ቪዲዮ ቤቱን ከዘጋ ወዲህ እዚያ ምንጣፍ ይሸጣል።

“ወርያ ዕዝራ! ሙኒያም አለሽ? ቁጭ በሉ አቦ!”

“ዓብዱልአዚዝ፣ የኮትዋኒን ፊልሞች ትቆርጣቸው ነበር?”

“የማንን?”

“የህንዱን። ልጁ ሞቶ አባትየው የሚያርስበትን።”

“እህ፣ እሱን! እሱ ሰውዬ ፊልሙ ማለቂያ የለውም። የሌሎቹ ለዓስር ይደርስልኝ ነበር፤ የሱ አይደርስም። ሰዉ ሶላት እንዳያመልጠው ብዬ፣ ከካሴት ወደ ካሴት ስገለብጥ አሳጥረው ነበር።”

“ለምን ለቅሶውን? ጠቡን አትቆርጥም ነበር?” ዕዝራ እንደሚለምን ሰው ወደ ሽማግሌው ጎንበስ አለ። “አስበህበት ነው አይደል? ሐዘኑ ባይታይ ይሻላል ብለህ ነው አይደል?”

ጨነቀኝ። በዓይኔ ጠቀስኩት፣ አዎ በል ብዬ። ዓብዱልአዚዝ ግን ቅን ሰው ነው፤ መዋሸት አያውቅበትም።

“ጠብ ብቆርጥ ወንበሬን ይሰብሩታል፣ ወላሂ! ለቅሶን ማን ይጠይቃል? ምን አስባለሁ አቦ፣ እኔ ፊልም አልወድም። ዓይኔ ሰዓቱ ላይ ነበር።”

ዕዝራ አመስግኖት ወጣ።

ቅዳሜ ወደ አዳራሹ አልሄደም። ስልኩን አጥፍቶ እኔ ሱቅ መጥቶ ተቀመጠ፤ ሱፉ ከጀርባው እንደተሰቀለ ነው። ፂሙን አልተላጨም፣ ዓይኑ ደም መስሏል። ቢሰድበኝ፣ ዓብዱልአዚዝን ቢረግም ደስ ባለኝ። የስፌት መኪናዬን አቆምኩና ሁለት ቀን ያፈንኩትን ተናገርኩ።

“ሐርላ ሩቅ አይደለም። ተነሥና ሂድ። ያኔ ያላለቀስክላትን አሁን አልቅስላት።”

“እየሞከርኩ ነው” አለ። “ከሐሙስ ጀምሮ የሲሞንን ፎቶ ይዤ እየሞከርኩ ነው። አልመጣ አለኝ፣ ሙኒያ።”

“ሳታለቅስም ሂድ። ንገራት ብቻ።”

“ምን ብዬ?” ቀና ብሎ አየኝ። “ልጃችን ሲሞት ያላለቀስኩት፣ ሰዉ ሶላት እንዳያመልጠው ለቅሶው ተቆርጦ ስለነበር ነው ልበላት?”

እሱ ደረቅ ዓይኑን አፍጥጦ እንደተቀመጠ፣ እኔ አለቀስኩለት።