ከግድግዳው ማዶ የነበሩት ድራመር

ባለፈው ቅዳሜ ከኩልመስክ ወደ ላሊበላ ስመለስ የሚኒባሱ ረዳት ናላዬን አዞረው። ረዳት በሩን ሁለቴ ሲመታ "ሂድ"፣ አንዴ ሲመታ "አቁም" ማለት እንደሆነ ሹፌሩም ተሳፋሪውም ያውቃል። ይሄኛው ግን እጁን በመስኮት አውጥቶ ቆርቆሮውን ይጠበጥበዋል። አንድ ነገር ይጀምርና ልክ ሊያምር ሲል ያቆመዋል፤ ከዚያ እንደገና ከመጀመሪያው። አራተኛው ላይ "ወይ ጨርሰው ወይ ተወው!" ብዬ ጮህኩበት። አጠገቤ የተቀመጡት ሴትዮ ደንግጠው አዩኝ። እኔም ደነገጥኩ፤ ይህን ቃል የዛሬ ዐሥራ ምናምን ዓመት ከግድግዳችን ማዶ ይኖሩ ለነበሩት ለጋሽ ምስጋናው በየቀኑ በሆዴ እላቸው ነበር።

ጋሽ ምስጋናው የጃዝ ድራመር ነበሩ። እሳቸው ሥራቸውን ፊውዥን ይሉታል። "ጃዙን ከአገር ቤቱ ዜማ ጋር ማጋባት ማለት ነው" ሲሉኝ፣ ጋብቻው እንዳልሰመረ ሌት ተቀን በጆሮዬ እየሰማሁ ዝም እል ነበር። አባታቸው መሪጌታ ኅሩይ፣ ሁላችንም የኔታ የምንላቸው፣ እዚሁ ላሊበላ የአቋቋም መምህር ነበሩ፤ በማሕሌት እንዴት እንደሚቆም፣ እንዴት እንደሚሸበሸብ፣ ከበሮው እንዴት እንደሚመታ ያስተምሩ ነበር። ልጃቸው በዐሥራ ስምንት ዓመቱ ትምህርቱን ሳይጨርስ አዲስ አበባ ጠፋ። እዚያ መጀመሪያ የአንድ ሆቴል ባንድ ዕቃ ተሸካሚ ሆነ። ድራመሩ የታመመ ዕለት ወንበሩ ላይ ተቀመጠና ሃያ ምናምን ዓመት ሳይነሳ ቀረ። በኋላም ከአንድ ሳክስፎን ነፊና ከአንድ ኪቦርድ ተጫዋች ጋር የራሳቸውን ቡድን መሥርተው ሁለት ጊዜ አውሮፓ ዞረዋል። ወጣት ድራመሮች የእሳቸውን ግራ እጅ ለማየት ብቻ ይመጡ ነበር አሉ።

ይህን ሁሉ የሰማሁት ኋላ ነው። እኔ የማውቀው ቀይ የድራም ዕቃቸውን በብርድ ልብስ ጠቅልለው በአይሱዙ ተጭነው የመጡትን ሰውዬ ነው። አንድ የላሊበላ ሆቴል ቀጥሯቸው ነበር። ባለቤቱ የፈለገው እራት ላይ ለስለስ ያለ ነገር ነው፤ እሳቸው ደግሞ ማንም የማያጨበጭብለትን በሰባት የሚቆጠር ምት ለቀቁበት። ፈረንጆቹ ሾርባቸውን እየተዉ ወደ ክፍላቸው ገቡ። ጋሽ ምስጋናው በሦስት ወሩ ከሥራ ተሰናበቱና እናቴ ከኋላ ያለችንን ክፍል አከራየቻቸው።

አባታቸው ቤት ለምን አልገቡም? የኔታ "ግባ፤ ያን ቀይ ነገር ግን ውጭ ተወው" አሉ። ልጅ ደግሞ "እሱ ካልገባ አልገባም" አሉ። በቃ። ሃያ ምናምን ዓመት ተኳርፈው የኖሩ አባትና ልጅ ሁለት መቶ እርምጃ ተራርቀው ኩርፊያቸውን ቀጠሉ። የተቃጠልኩት እኔ ነኝ፤ አልጋዬ የተጠጋበት የጭቃ ግድግዳ ማዶው ድራሙ ነዋ። የዚያን ዓመት የስምንተኛ ክፍል ፈተና ነበረብኝ።

ሰውዬው ምንም ነገር አይጨርሱም ነበር። ሻይ እንኳ አይጨርሱም፤ ግቢያችን ውስጥ በየድንጋዩ ላይ ጉንዳን የወረረው ግማሽ ብርጭቆ ሻይ ተቀምጦ ይገኛል። እጃቸው ደግሞ አያርፍም። የእናቴን ድስት፣ የውሃ ጀሪካኑን፣ የበሩን መቃን፣ አንድ ጊዜማ ዝም ብዬ በቆምኩበት የጀርባ ቦርሳዬን ጠብጥበዋል።

በጥር ወር የድሮ ጓደኞቻቸው ከአዲስ አበባ ደወሉላቸው። ቡድኑ ውጭ አገር ተጠርቷል፤ የእሳቸውም ቦታ ተይዞላቸዋል። ግን የማሕሌቱን ከበሮ ከድራም ጋር ያዋሐዱበትን አዲሱን ሥራቸውን ቀድተው ከፋሲካ በፊት መላክ አለባቸው። ዕድሜያቸው ሃምሳን እየተጠጋ ነበር። "ይኼ ካመለጠኝ ከእንግዲህ የሚጠራኝ የለም" ብለው ለእናቴ ሲነግሯት ሰምቻለሁ።

ችግሩ ሥራው አንድ ቦታ ላይ ቀጥ ይላል። የማሕሌት ከበሮ በዝግታ ይጀምራል፤ እሱ መረግድ ነው። መጨረሻው ሁሉም የሚያጨበጭብበት ፈጣኑ ጽፋት ነው። ከአንዱ ወደ ሌላው የሚያሻግረውን አመታት የኔታ የሚያስተምሩት በራሳቸው መንገድ ሲሆን፣ ጋሽ ምስጋናው ከትምህርት ቤቱ የጠፉት ልክ እዚያ ሲደርሱ ነው። ሌሎቹ ደብተራዎች የየኔታ ደቀ መዛሙርት ስለሆኑ ያለ እሳቸው ፈቃድ አያሳዩም። እናም ከትምህርት ቤት ስመለስ መረግዱ ይጀምራል፣ ያድጋል፣ ቀዩ ድራም ሲምባሉን፣ ያን የናስ ሳህን፣ አስከትሎ ይገባል፣ እኔም ሳልወድ እስክሪብቶዬን አስቀምጬ ጆሮዬን ስሰጥ፣ ዝም። ከዚያ እንደገና ከሀ።

"ሂድና አባትህን ጠይቅ፤ አፍ አለህ አይደለም ወይ?" ትላቸዋለች እናቴ፤ አብሮ አደጋቸው ናት።

"ነገ" ይላሉ።

አንድ ቀን ደሜ ፈላና ወደ የኔታ ቤት ወጣሁ። ደጃፋቸው ላይ ተቀምጠው ፀሐይ ይሞቃሉ። ጉልበታቸውን ሳምኩና "የኔታ፣ ወይ ያስጨርሱት ወይ ይውሰዱት፤ እኔ ማጥናት አልቻልሁም" አልኳቸው።

"ምኑ ላይ ነው 'ሚቆም?"

እኔ እንደሁ በቃሌ ይዤዋለሁ። የተቀመጡበትን ድንጋይ በመዳፌ እየመታሁ አሰማኋቸው፤ እዚያው ስደርስ አቆምኩ።

"ቀኝ እጁ ዛሬም ይቸኩላል" አሉ።

በማግሥቱ የኔታ መቋሚያቸውን ይዘው ወደ ግቢያችን ወረዱ። እናቴ የያዘችው ወንፊት ከእጇ ወደቀ። የልጃቸው ክፍል ውስጥ ገብተው ቀዩን ድራም ዞረው አዩት።

"ይኸ ሁሉ ላንድ ሰው ነው?"

"አዎ አባዬ።"

"ሌላ የሚመታ የለም?"

"የለም።"

"ታዲያ ምን ያስቸኩልሃል?" አሉና በርጩማው ላይ ተቀመጡ።

እኔማ ተገላገልኩ ብዬ ነበር። አንድ መሻገሪያ ማሳየት ቢበዛ ግማሽ ቀን ነው። ግን ሁዳዴ ገባ፣ በሁዳዴ ደግሞ ከበሮ አይመታም። የኔታ "እንግዲህ በጉልበትህ ተማር" አሉ። አባትና ልጅ ፊት ለፊት ተቀምጠው ጉልበታቸውን ሲመቱ ይውላሉ። የኔታ አንዲት ምት ይጨምሩና "የቀረው ነገ" ብለው ይነሳሉ። በማግሥቱ መጥተው የትናንቷን ያነሷታል፤ "ተሳስቻለሁ፣ እንዲያ አልነበረም"። ከየኔታ ስሕተት የሰማ ሰው በላሊበላ የለም። የፋሲካው ቀን እየቀረበ ነው፤ ተማሪው ቢቸኩል እኮ አንድ ነገር ነበር፤ ጋሽ ምስጋናው ግን "እሺ አባዬ" ብቻ።

በጾሙ አጋማሽ ከትምህርት ቤት ቀደም ብዬ ተመለስኩ። በራቸው ገርበብ ብሏል። ጋሽ ምስጋናው አልጋቸው ላይ ተቀምጠው የታጠፈ ብርድ ልብስ በስቲክ ይመታሉ፤ ድምፁ እንዳይወጣ ነው። መረግዱ አደገ፣ የሚቆምበት ቦታ ደረሰ፣ አልቆመም። ተሻገረ። ጽፋቱ ውስጥ ገብቶ፣ ሮጦ፣ አለቀ። አንድም ቦታ አልተደናቀፈም።

"ያውቁታል እንዴ?" አልኩ።

ብድግ አሉ። "እንዳትነግሪያቸው" አሉኝ በቀስታ።

"ለምን ቀድተው አይልኩትም ታዲያ? ሊያልፍብዎ ነው እኮ!"

"አባዬ ይህን ሁሉ ዓመት አላናገሩኝም። አሁን በየቀኑ ይመጣሉ።"

ፋሲካ አለፈ። በእሳቸው ቦታ አንድ ወጣት ድራመር ሄደ። እናቴ "ዕድሉን በገዛ እጁ ቀበረው" ብላ አንድ ሳምንት ተከዘች። የኔታ ግን ከትንሣኤ በኋላም "የቀረው ነገ" ማለታቸውን አልተዉም። አንድ ቀን ወደ ቤታቸው ስሸኛቸው አላስችል አለኝ።

"የኔታ፣ ለምን አይጨርሱለትም?"

"ከጨረስሁለት ይሄዳላ" አሉ፤ መንገዱን በመቋሚያቸው እየፈተሹ።

ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ! አንጀቴ አረረ። አባት አውቀው አያውቁም፣ ልጅ ተምረው አይማሩም። "ልጄ፣ አትሂድብኝ" ማለት ስንት ምት ነው? "አባዬ፣ የትም አልሄድም" ማለትስ? በዚህ መሐል አንድ ሰው የሕይወቱ ትልቁ ጉዞ አመለጠው፣ እኔም ፈተናውን ለጥቂት አለፍኩ። የሁለቱን ምሥጢር ይዤ ሒሳብ ማጥናት እንዴት ይሁንልኝ?

በሐምሌ የኔታ አልጋ ያዙ። ጋሽ ምስጋናው ጠበል ሊያመጡ በወጡበት አንድ ከሰዓት በኋላ እናቴ አጥሚት አስይዛ ላከችኝ። የኔታ ሁለት ማንኪያ ቀምሰው ተዉት።

"አንች፣ ያ ልጅ መጨረሻውን አውቆታል?"

ዓይናቸው ፈዟል፤ ግን ያየኛል። እንዲህ ዓይነት መምህር እንኳን ቃሌን ትንፋሼንም ያነባል ብዬ ፈራሁ። በሕይወቴ ካህን ዋሽቼ አላውቅም።

"ገና ነው፣ የኔታ።"

"እንግዲያው ነገም ይመጣል" አሉና ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዙረው ተኙ። ከዚያ በኋላ ብዙ ቀን አልቆዩም።

ከቀብሩ ስንመለስ ዝናቡ አባርቶ ነበር። ጋሽ ምስጋናው ከሰው ወደኋላ ቀርተው ጠበቁኝ።

"አባዬ የጠየቁሽ ነገር ነበር?"

"መጨረሻውን አውቆታል ወይ ብለውኝ ነበር።"

"ምን አልሻቸው?"

"ገና ነው አልኳቸው።"

መንገድ ዳር ያለ እርጥብ ድንጋይ ላይ ቁጭ አሉና ፊታቸውን በጋቢያቸው ሸፍነው አለቀሱ። ዓመቱን ሙሉ ሲያናድዱኝ ኖረው ያን ቀን ወደድኳቸው። ከአርባው በኋላ ቀዩን ድራም ጭነው ወደ አዲስ አበባ ተመለሱ። አሁን ልጆች ያስተምራሉ አሉ። ያን ሥራ ቀድተውት እንደሆነ አላውቅም፤ የሰማ ሰው አላገኘሁም።

ለእኔ የተዉልኝ የማይረባ አመል ነው። ሰው የማውቀውን ነገር ሊያስተምረኝ ሲነሳ "አውቀዋለሁ" ማለት ያቅተኛል። አሁን እኔም አስተማሪ ነኝ፤ ተማሪዎቼ ይህን ስለነቁብኝ ከትምህርቱ ይልቅ ወሬ ያስተምሩኛል። ቅዳሜም ከሚኒባሱ ወርጄ፣ ደክሞኝ፣ በዚያ ረዳት ተናድጄ ቤት ስደርስ፣ እናቴ የግቢያችንን በር ቁልፍ ይዛ ወጣች። ከመወለዴ በፊት ጀምሮ ያለ ቁልፍ ነው።

"ነይ እስቲ፤ ይኸ በር እኮ ብልሃት አለው" አለችኝ።

"እንዴት?" አልኳት።